የሼልቢ ቁጥር

«ሼልቢ፣ ጉልበት!»

ጆሲ ራድኬ ጩኸቱን የሰማችው አየር ላይ ተገልብጣ ሳለች ነው። ጉልበቷን ገጠመች፣ ዞረች፣ ፍራሹ ላይ በሁለት እግሯ ቀጥ ብላ ቆመች። ዝላዩ አምሮላታል። ችግሩ አዳራሹ ውስጥ ሼልቢ የሚባል ሰው አለመኖሩ ነው።

አሰልጣኟ፣ ሽማግሌው ኮች ፕሩት፣ የተናገሩትን ራሳቸው የሰሙት አይመስሉም። ሜትራቸውን ከኪሳቸው አውጥተው መስፈንጠሪያ ሰሌዳውን እየለኩ፣ «ጥሩ ነው። ድገሚው» አሉ።

ከአምስት ዓመቷ ጀምሮ አብራት የምትሰለጥነው ቴጋን እጇን ነጭ ዱቄት እየቀባች ትስቃለች።

«ዛሬ ማን ነሽ? ጆሲ ነሽ ወይስ ያቺኛዋ?»

«ያቺኛዋ ማናት?»

«እኔ ምን አውቄ! ግን በዚህ ሳምንት ብቻ አራተኛ ጊዜያቸው ነው። ቆጥሬልሻለሁ።»

«አርጅተው ነዋ።»

«እኔንማ አንድም ቀን በሌላ ስም ጠርተውኝ አያውቁም» አለች ቴጋን፤ ይህን ስትል ሳቋን ተወችው።

የጂምናስቲክ አዳራሹ ድሮ ትራክተር የሚሸጥበት ነበር። ነብራስካ በተባለው የአሜሪካ ግዛት ውስጥ፣ ከኪርኒ ከተማ ወጣ ብሎ፣ በሦስት በኩል በቆሎ ከቦት ቆሟል። ጆሲ እዚያ የገባችው ከሶፋ ላይ እየዘለለች እናቷን ስላስመረረች ነው። ለዓመታት ከአርባ ሕፃናት አንዷ ነበረች። ከሁለት ዓመት በፊት ግን ኮች ፕሩት በአጠገቧ ሲያልፉ ድንገት ቆሙ። ስትዘል ለረጅም ጊዜ አዩዋት፤ ከዚያ ቢሯቸው ገብተው በሩን ዘጉ። በማግስቱ ስሟ በሰልጣኞች ዝርዝር ላይ ከሁሉም በላይ ተጻፈ። ከዚያ ወዲህ ጆሲ ወደኋላ አላለችም፤ በግዛቱ አንደኛ፣ በአጎራባች ግዛቶች ውድድር ሦስተኛ ወጣች። አሁን በአሥራ አራት ዓመቷ የአገሪቱ ምርጦች ጎራ ለመግባት የቀራት አንድ ማጣሪያ ነው፤ ካንሳስ ሲቲ ላይ፣ ከአሥር ቀን በኋላ።

ኮች ብዙ ነገር ሰጥተዋታል። ለወለል እንቅስቃሴዋ ሙዚቃ መረጡላት። ፀጉሯን ማጅራቷ ላይ ዝቅ አድርጋ እንድታስር፣ ለዳኞች ሰላምታ ስትሰጥ ከቀኝ እጇ በፊት ግራዋን እንድታነሳ አስተማሯት። አረንጓዴ የውድድር ልብስም ከቢሯቸው ቁም ሣጥን አውጥተው ሰጧት። ልብሱ ትከሻው ላይ ትንሽ ሰፋት እንጂ ለሷ የተሰፋ ይመስላል። ጆሲ አዲስ መሆኑን አልጠየቀችም። ግድግዳው ላይ ከተሰቀሉት የአሸናፊዎች ፎቶዎች መካከል አንድ ባዶ ቦታ አለ፤ ሚስማሩ አልተነቀለም፣ ቀለሙም ከሌላው ግድግዳ ይልቅ ደማቅ ነው። በዚያ በኩል ስታልፍ ባር ባር ይላታል፤ ለምን እንደሆነ ግን አታውቅም።

በዚያው ቀን ከልምምድ በኋላ እናቷ መኪናውን መድኃኒት ቤቱ በር ላይ አቆመችና፣ «ፕላስተርሽን ገዝተሽ ነይ፣ ቶሎ በይ» አለቻት።

ከባንኮኒው ጀርባ ያለችው ልጅ ሃያ ሁለት ዓመት ቢሆናት ነው። ጆሲ ስትጠራት አንገቷን አላዞረችም፤ ከወገቧ ጀምሮ መላ ሰውነቷን ይዛ ዞረች። መጀመሪያ ያየችው የጆሲን ፊት አልነበረም፤ የተላጠ መዳፏን ነው።

«የፕሩት ልጅ ነሽ።»

«አዎ።»

«አረንጓዴውን ሰጡሽ?»

ጆሲ የፕላስተሩን ገንዘብ ባንኮኒው ላይ አስቀመጠች።

«ትከሻው ላይ ይሰፋሻል አይደል? እኔ ካንቺ ረዘም እል ነበር።»

ደረቷ ላይ የተለጠፈው ስም «ሼልቢ» ይላል። ጆሲ ስሙን ሁለቴ አነበበችው።

«ሙዚቃው መሀል ላይ ጸጥ የሚልበት ቦታ አለ» አለች ሼልቢ፣ ስለ አየር ሁኔታ እንደሚያወራ ሰው ቀስ ብላ። «እዚያ ጋ እጅሽ እንዲህ ነው።» ግራ እጇን አነሳች። ትከሻዋ ጋ ሲደርስ ቆመ፤ ከዚያ በላይ አልሄድ አለ። ጣቶቿ ግን ተዘርግተው ትንሿ ጣት ብቻ ወደ ውስጥ ጎበጥ አለች። ጆሲ በየቀኑ መስታወት ውስጥ የምታየው የራሷ እጅ ነበር።

«ምን ሆነሽ ነው?» አለች ጆሲ።

«ካንሳስ ሲቲ። ስድስት ዓመት ሆነው። የምንዘለውን ታውቂዋለሽ።»

ጆሲ አሳምራ ታውቀዋለች። ሮጠሽ፣ መሬት ላይ በእጅሽ ተገልብጠሽ፣ መስፈንጠሪያው ላይ ጀርባሽን ሰጥተሽ ታርፊያለሽ። ከዚያ ወደኋላ ትወረወሪያለሽ። በእጅሽ ገፍተሽ የምታልፊውን የዝላይ ጠረጴዛ አታዪውም። እጅሽን ወደኋላ የምትዘረጊው እዚያ መኖሩን አምነሽ ነው። ስለዚህ ሰሌዳው ከጠረጴዛው የሚርቅበት ልክ ነፍስ ነው፤ እያንዳንዷ ልጅም የራሷ ቁጥር አላት። የጆሲ ሠላሳ ስምንት ኢንች ነው።

«የኔ አርባ አራት ነበር» አለች ሼልቢ። «ከኔ በፊት የዘለለችው ልጅ አጭር ነበረች። ሰሌዳው በሷ ቁጥር ቀረ፤ ኮች ማስተካከሉን ረሱት።»

«አልታየሽም?»

«ታየኝ እንጂ! እዚያ ጥግ ቆሜ ቁልጭ ብሎ ታየኝ። ግን አረንጓዴው መብራት በርቷል፣ ዳኞቹ ይጠብቃሉ። ኮች ያውቃሉ አልኩ። ሰው ፊት ሄጄ ሰሌዳ ልጎትት? አፈርኩ።» ፕላስተሩን ከረጢት ውስጥ ከተተችው። «አፍሬ ሮጥኩ።»

ጆሲ ከረጢቱን ተቀበለች።

«ክፉ ሰው አይደሉም፤ እንዳይመስልሽ» አለች ሼልቢ። «እሁድ እሁድ ቤታችን እየመጡ አጠገቤ ይቀመጡ ነበር። ቃል አይናገሩም፤ ብቻ ይቀመጣሉ። በኋላ መምጣት ተዉ።»

«መቼ?»

ሼልቢ ወደ ጣሪያው ልታይ ፈለገች፤ አንገቷ እምቢ አላት። «ሁለት ዓመት ይሆነዋል።»

መኪናው ውስጥ እናቷ፣ «ምነው ፊትሽ አመድ መሰለ?» ብትላት፣ «ምንም» አለች። ብትናገር ከማጣሪያው ያስቀሩኛል ብላ ፈራች። ከማጣሪያው መቅረት ደግሞ በፍጹም አልፈለገችም።

ካንሳስ ሲቲ ላይ አዳራሹ ቀዝቃዛና ሰፊ ነበር። ኮች ፕሩት አዲስ የተተኮሰ ሸሚዝ ለብሰዋል፤ ከጠዋት ጀምሮ ስሟን በትክክልም በስህተትም አልጠሩም። በማሟሟቂያው ሰዓት ጆሲ ሜትራቸውን ተዋሰች። ከጠረጴዛው ሠላሳ ስምንት ኢንች ለካችና፣ ፕላስተር በጥርሷ ቆርጣ የሰሌዳው ጫፍ የሚደርስበት ቦታ ላይ መሬቱን ለጠፈችበት። የጥፍር ያህል ነጭ ቁራጭ ናት። ኮች አዩዋትና ሜትራቸውን መልሰው ኪሳቸው ከተቱ።

ከአራቱ የውድድር ዓይነቶች ሦስቱ በደህና አለፉ። ወለሉ ላይ ሙዚቃው ጸጥ ሲል ግራ እጇ ሳታዝዘው ተነሳ፤ ጆሲ የሰው እጅ የተነሳ ያህል ደነገጠች። የመጨረሻው ዝላይ ቀረ። ቴጋን ከተመልካች ወንበር በጣቷ ምልክት ሰጠቻት፦ የወትሮ ዝላይሽን ብታሳዪም ለማለፍ የሚተርፍሽ አንድ አሥረኛ ነጥብ ብቻ ነው። ከዚያ በላይ ከተቆረጠ ለሚቀጥለው ዓመት።

ጆሲ የሩጫው ምንጣፍ ጥግ ሄዳ ቆመች። በወዲያኛው ጫፍ ኮች ፕሩት በጉልበታቸው ተንበርክከው ይለካሉ። ለክተው ተነሱ። እንደገና ተንበረከኩና ለኩ። ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል። እባብ ያየ በልጥ በረየ ይባላል፤ ሼልቢ ከወደቀችበት ቀን ወዲህ ሁሉን ነገር ሁለቴ ነው የሚለኩት። ተነስተው ወደ ጎን ዞር አሉ።

አረንጓዴው መብራት በራ። ሰዓቱ መቁጠር ጀመረ። ሳትሮጥ ሠላሳ ሰከንድ ካለፈ አንድ አሥረኛ ይቆረጣል፤ ደቂቃ ከሞላ ዝላዩ ይሰረዛል።

ነጯ ቁራጭ ብቻዋን ትታያለች። ሰሌዳው ከሷ ወዲህ ነው፤ ስንዝር በማትሞላ ርቀት ከጠረጴዛው ርቋል።

ተሳስቼ ይሆናል፣ አለች በልቧ። ሁለቴ ለክተዋል። ሃያ ሰባት ዓመት ያሰለጠኑ ሰው ናቸው፤ ያውቃሉ። ዳኞቹ ብዕራቸውን ይዘው ያዩዋታል። ሰባት፣ ስምንት ሰከንድ። ግራ እጇ ለሰላምታ መነሳት ጀመረ፤ ትንሿ ጣቷ ጎበጠች። ያን ጊዜ ጆሲ እጁ የሼልቢ መሆኑን አወቀች፣ ፈራችው። አወረደችው።

በምንጣፉ ላይ ወደ ፊት ሄደች። ፊቷ ሲቃጠል ይሰማታል፤ እንደዚያ አፍራ አታውቅም። ሰሌዳው ጋ ደርሳ ተንበረከከችና በዙሪያው ካለው ፍራሽ ጋር መግፋት ጀመረች።

ኮች ሮጠው መጡ። «ምን እያደረግሽ ነው? ተዪው! ሁለቴ ለካሁት።» ድምፃቸው ወረደ፤ የሚለምኑ መሰሉ። «ዛሬ ልክ ነው፣ ሼልቢ። አርባ አራት ነው። ዛሬ አልረሳሁትም።»

ጆሲ ቀና ብላ አየቻቸው። ዓይናቸው እሷ ላይ ነው፤ የሚያየው ግን ሌላ ሰው ነው። ፈራቻቸው፤ አንጀቷንም በሉት።

«አርባ አራት የሷ ነው፣ ኮች» አለች። «የኔ ሠላሳ ስምንት ነው።»

ኮች ፕሩት እጃቸው ላይ ያለውን ሜትር አዩት። ነጯን ቁራጭ አዩ። ከዚያ በወዲያኛው በኩል ተንበርክከው አብረዋት ገፉ። የሰሌዳው ጫፍ ፕላስተሩ ላይ መጥቶ ቆመ።

ጆሲ ወደ ጥግዋ በእርምጃ ተመለሰች። ሠላሳው ሰከንድ አለፈ፤ አሥረኛዋ ነጥብ ሄደች። ከእንግዲህ አንዲት ስህተት ብትሠራ ዓመቱ አለቀ። ዞራ ቆመች፤ እጇን ግን አላነሳችም።

አርባ ሁለት። አርባ ሦስት። ቴጋን ከወንበሯ ተነስታ በሁለት እጇ አፏን ይዛለች። ጆሲ ኮች ፕሩትን እያየች ጠበቀች። አርባ ስድስት።

ሰውየው አፋቸውን ከፈቱ፣ መልሰው ዘጉት፣ እንደገና ከፈቱት።

«ጆሲ!» አሉ። ድምፃቸው ተሰባብሮ ነው የወጣው። «ጆሲ፣ ሩጪ!»

ቀኝ እጇን መጀመሪያ አነሳች። ከዚያ ሮጠች።