ያልተጻፈው አስተያየት

«ማን ምን እንዳለ በስሙ ይጻፍ!» አለ ጓድ ይሄይስ፣ የወጣቶች ማኅበሩ ካድሬ። «የኢምፔሪያሊስቶችን ግፍ በፊልሙ አይታችኋል። ተወያዩ!» ከዚያ ጄኔሬተሩን ሊያስጠፋ ወጣ።

ጸሐፊዋ ባንቺአየሁ የቃለ ጉባኤውን ደብተር ገለጠች። በመስኮቶቹ ላይ የተሰቀለው ብርድ ልብስ ወርዶ የከሰዓት ፀሐይ የቡሬውን አዳራሽ ሞልቶታል። ፊልሙ ውስጥ አንድ ጥቁር አሜሪካዊ የነጮችን ወፍጮ ቤት አቃጥለሃል ተብሎ ሞት ተፈርዶበታል። የእንግሊዝኛ መምህርቷ ደስታነሽ ፊልሙ የተሠራበትን ልብ ወለድ አንብበውታል።

«መጽሐፉ ላይ ወፍጮ ቤቱን ያቃጠለው መብረቅ ነው፤ ሲመታው ያየ ጎረቤት አለ» አሉ። «አይቶ ዝም ያለ። ፊልሙ ግን እሱን ከታሪኩ አውጥቶታል።»

«እኔን ያናደደኝ ዳኛው ነው» አለች ቻይነሽ። «ሞት ሲፈርድ እንኳ ያዛጋል!»

ተማሪው ሁሉ ሳቀ። ይርሳው ግን ብድግ አለ።

«ቲቸር፣ ያ ጎረቤት እኛም አገር አለ። የገበሬ ማኅበሩን ጎተራ መብረቅ ሲመታው ስንት ሰው አየ! አጎቴን ገደፋውን ግን አቃጥለሃል ብለው ወሰዱት። ይኸው ሦስት ወሩ። የሚያዛጋ ዳኛ እንኳ አላገኘም።»

የመምህርቷ ፊት አመድ መሰለ። «ተቀመጥ፣ ልጄ» አሉ በቀስታ።

ቻይነሽ ባንቺአየሁን በክርኗ ጎሸም አደረገቻት። «እንዳትጽፊው! ያስሩታል።»

«አርባ ሰው ሰምቷል። አንዱ ለጓድ ይሄይስ ቢነግርስ? ደብቃለች ብለው እኔንም ይወስዱኛል።»

የጄኔሬተሩ ድምፅ ቆመ። ጓድ ይሄይስ ገባ።

«ጸሐፊ፣ አንብቢ!»

ተነሣች። የመምህርቷንና የቻይነሽን አስተያየት አነበበች። ከዚያ በታች ያለው የይርሳው ስም ብቻ ነው።

«ይርሳውስ ምን አለ?» አላት ስሙን ከደብተሩ ላይ አይቶ።

«እሱም… በዳኛው ተናዷል።»

ጓድ ይሄይስ የተማሪዎቹን ፊት አንድ በአንድ አየ። ማንም አልተነፈሰም። «ጥሩ። ጻፊና ፈርሚ» አላት።

ጻፈች፤ ፈረመችም።

ውጭ ይርሳው ጠበቃት። ያመሰግነኛል ብላ ነበር።

«ማን ያላልኩትን ጻፊ አለሽ? ማን ያልኩትን አውጪው አለሽ?» አላት ዓይኑ ቀልቶ። «የአጎቴ ነገር የትም ቦታ አልተጻፈም። መዝገብም፣ ክስም የለውም። ዛሬ እንኳ አንድ ቦታ ይሰፍራል ብዬ ነበር።»

«አንተንም ሊወስዱህ?»

የአዳራሹን በር አየች፤ ካድሬው ገና አልወጣም። ከራሷ የሒሳብ ደብተር መሀል አንድ ቅጠል ገነጠለች።

«ቀኑን ንገረኝ» አለች። «አጎትህን የወሰዱበትን።»