መርዶን የቀደመ ድንች

ኬንድል ሮደ የተገኘው የራሱ ማካሮኒ ላይ ተደፍቶ ነው። ትልቁ ድስት ከነችዙ ምድጃው ላይ ነበር፤ ፊቱ እዚያ ውስጥ ገብቷል፤ የራስ ቅሉ ከኋላ እንደ እንቁላል ፈርጧል። ገዳዩ አንዴ መትቶ አልበቃውም። ደሙ ግድግዳው ላይ ተረጭቶ «የእናት እጅ በአዲስ መልክ» ከሚለው የምግብ ቤቱ መፈክር «የእናት እጅ» የሚለውን ብቻ አስቀርቷል። እሳቱን ማንም ስላላጠፋው የሟቹ የግንባር ፀጉር እያረረ ነበር።

መርማሪ ሌላንድ ኩችታ በሩ ላይ ቆሞ አሸተተ። ከዚያ ገብቶ መጀመሪያ ምድጃውን አጠፋ።

የሸሪፉ ቢሮ ከምግብ ቤቱ ሁለት መንገድ ነው የሚርቀው፤ የጥሪው ስልክ እንደተዘጋ እሱና ምክትሉ ደርሰዋል፤ ደጅ የቆመችው መኪና ሳይረን ገና ይጮኻል። ወለሉ ላይ ሁለት ሰዎች ነበሩ። ከላይ የሟች ታናሽ ወንድም፣ ሥጋ ሻጩ ሮይስ ሮደ፤ ከታች፣ ጉልበቱ ደረቷን የተጫናት የምግብ ቤቱ ወጣት ሼፍ፣ ከእስያ ስደተኞች የተወለደችው ፓኩ ቫንግ። ከንፈሯ ተተርትሯል። ሽርጧ ከአንገት እስከ ጉልበት ደም ነው።

«ተነስላት» አለ ኩችታ።

«ገድላው እኮ ነው የያዝኳት።»

«ደህና፤ ተይዛለች። ተነስ።»

ሮይስ የተነሳው ምክትሉ ዴብ በዱላዋ ትከሻውን ካቀመሰችው በኋላ ነው። ዴብ ለፍርድ ሳይሆን ለሥርዓት ስትል ፓኩን በካቴና አሰረቻት። የፖሊስ ሬዲዮውን የሰማው ዐቃቤ ሕግ ከምሳ በፊት ክስ እንደሚፈልግ ወዲያው ደውሏል። ሳይረኑን ሰምቶ ደጅ የተሰበሰበው የኮርዴሊያ ከተማ ሕዝብ ግን ምሳን የሚጠብቅ አይመስልም፤ አንዱ ድንጋይ ወርውሮ የፊቱን መስኮት አወረደው።

«ወደ መጣችበት ትመለስ!» የሚል ድምፅ ገባ።

«የመጣሁት እዚሁ ከሴንት ፖል ነው» አለች ፓኩ፣ ደም እየተፋች። «በአውቶቡስ።»

በዚህ መሀል የኋላው በር ተንኳኳና አክስቴ አርዲስ ገቡ። አርዲስ ሊንድ የማንም አክስት አይደሉም፤ እንዲያ የሚጠራቸው ግን ከተማው በሙሉ ነው። ከኬንድል እናት ጋር ዕድሜያቸውን ሙሉ እዚሁ ምድጃ ላይ ሠርተዋል፤ የሉተራን ቤተ ክርስቲያኑን ማዕድ ቤት እስከ ዛሬ የሚገዙት እሳቸው ናቸው፤ ቤታቸውም ከምግብ ቤቱ ጀርባ ነው። በወፍራም ፎጣ የተጠቀለለ የኦቨን ትሪ ታቅፈዋል።

«ሮይስ፣ ልጄ» አሉ። «እግዚአብሔር ያጽናህ። ብላ፤ በባዶ ሆድ አይለቀስም።»

ትሪውን ከፊተኛው ክፍል ጠረጴዛ ላይ አስቀምጠው ፎጣውን ገለጡት። የለቅሶ ድንች ነው። የተፈቀፈቀ ድንች፣ ክሬም፣ ችዝ፤ ከላይ በቅቤ የታሸ ኮርንፍሌክስ። በእኛ ከተማ ሰው ያለ ፓስተር ሊቀበር ይችላል፤ ያለዚህ ድንች ግን የተቀበረ የለም። ከወጥ ቤቱ በር ሥር ደም እየመጣ ቢሆንም ዴብ ሹካ አነሳች። ኩችታም አነሳ። ዳሩ ወርቅ መስሎ ይንኮሻኮሻል፤ መሀሉ ገና ይፍለቀለቃል። ምላሱን አቃጠለው። ጥቂት ቆሞ ትሪውን አየው፤ ከዚያ ሹካውን አስቀመጠ።

ሮይስን ጥግ ወዳለው ጠረጴዛ ወሰደው።

«ባለፈው የኬንድልን አፍንጫ የሰበርከው አንተ ነህ?»

«አፍንጫው ያኔ ነው። ትላንት ጥርሱን ነው።»

«በምን ተጣላችሁ?»

«እናታችን ትጋግረው የነበረውን የኦቨን ሥጋ የኮሪያ በርበሬ ቀባው። ሰው ለእናቱ አይደባደብም?»

«የተደባደብከው ከልጇ ጋር ነው።»

«መደብደቡንማ እኔ ደበደብኩት። የገደለችው እሷ ናት። ይለያያል።»

«ስትገባ ምን ስታደርግ አገኘሃት?»

«ጭንቅላቱን ታቅፋ። በቡጢ ጣልኳት፤ ላንተ ደወልኩ፤ ተጫንኳት።»

«ለሌላስ ለማን ነገርክ?»

«እጄ ጉሮሮዋ ላይ ነበር፤ በምን ልደውል?»

ቀጥሎ ፓኩን አስቀመጣት። ካቴናው እጇን ልጦታል፤ አላማረረችም።

«ቢላ ወርውረሽበታል ይባላል።»

«አጠገቡ ነው የወረወርኩት። እሱን ብፈልግ እመታው ነበር።»

«ይቺን ለዐቃቤ ሕጉ እንዳትነግሪው። ለምን ወረወርሽ?»

ፓኩ በአገጯ መደርደሪያውን አሳየችው። የሬሳ ሳጥን ቅርጽ ያላቸው ትንንሽ የእንጨት ሳህኖች፣ ከነክዳናቸው ተደርድረዋል።

«የለቅሶ ድንቹን በእነዚህ ነው የምናቀርበው። ከላይ የታጠነ ዓሣና በርበሬ የገባበት ማር አለው። ሜኑው ላይ ስሙ 'አፈሩን ገለባ ያድርግልዎ' ነው። ከሚኒያፖሊስ ድረስ እየመጡ ፎቶ ይነሱበታል።»

«ያንቺ ሐሳብ ነው?»

«ዓሣውና ማሩ የኔ ነው፤ አላፍርበትም። ሳጥኑ የእሱ ነው። አክስቴ አርዲስ አንድ ቀን ገብተው አዩት። ክዳኑን መልሰው ገጠሙና 'ይሄ ምግብ ሰው ሳይሞት አይሠራም' ብለው ወጡ። እሱ ሳቀ። ያኔ ነው የወረወርኩት።»

«ዛሬ ጠዋትስ?»

«ተደፍቶ አገኘሁት። ይተነፍስ ይሆናል ብዬ ራሱን አነሳሁ።» ጣቶቿን አየች። «ጣቶቼ ውስጥ ገቡ።»

«ከወጥ ቤቱ የጎደለ ነገር አለ?»

ወደ ወጥ ቤቱ በር ዞረች። «ትልቁ የብረት መጥበሻ። የእናቱ ነው። ከምድጃው አጠገብ ካለው መንጠቆ ወርዶ አያድርም።»

ከመቀመጫዋ ስትነሳ ሮይስ ከጥጉ ተወርውሮ ፀጉሯን ጨመደደና ግንባሯን ከጠረጴዛው ጠርዝ አላተመው። ዴብ የጎድን አጥንቱን በዱላዋ ስትለው ድምፁ ደጅ ድረስ ተሰማ። ሕዝቡ ደስ አለው፤ የተመታችው ፓኩ መስላው ነው።

ኩችታ ወንበር ስቦ ከአክስቴ አርዲስ አጠገብ ተቀመጠ። እሳቸው ሮይስ ያልነካውን ሳህን መልሰው እየሸፈኑ ነበር።

«ድንቹ ግሩም ነው። ለምን ለልደት አይሠሩትም?»

«ኦርቪንም በየልደቱ ይለምነኛል» አሉ ስለ ባላቸው። «'ስትሞት' እለዋለሁ።»

«ሲሞት እንዴት አድርጎ ይበላዋል?»

«አይበላማ። እሱም ያውቃል።»

«ለቤተ ክርስቲያን ግብዣስ?»

«ሌላንድ፣ አንተም እንደ ኦርቪን ሆንክ? ለሕያው አልሠራሁትም፤ አልሠራውምም።»

«ሰሞኑን ሰው ሞቶ ነበር እንዴ?»

«ከገና ወዲህ ማንም አልሞተም፤ ተመስገን።» ፎጣውን አጠፉት። «እስከ ዛሬ።»

ኩችታ ተነስቶ ለዴብ በጆሮዋ አንድ ነገር ነገራት። ዴብ በኋላው በር ወጣች።

ተመልሳ ስትመጣ ሁሉም ትሪው ባለበት ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠው ነበር፤ ሮይስ ጎኑን ይዞ፣ ፓኩ ግንባሯ አብጦ፣ አክስቴ አርዲስ እጃቸውን አጣምረው። ኦርቪን ሊንድም ቁርሱ ቢዘገይበት ሚስቱን ፍለጋ መጥቶ ኮፍያውን ጭኑ ላይ አድርጎ ተቀምጧል። ኩችታ የፓኩን ካቴና ፈታው።

«ምን እያደረግህ ነው?» አለ ሮይስ።

«እያሰብኩ ነው። ታስራ ስትቀመጥ ሐሳቤን ታደናቅፈኛለች።» ትሪውን ወደ መሀል ገፋው። «የገደለው ሰው የመታው ከኋላ ነው። ኬንድል ማካሮኒውን ሲያማስል ጀርባውን የሰጠው፣ ስለማይፈራው ነው። ሮይስ፣ ላንተ ጀርባውን ይሰጥሃል?»

«ጥርሱን ከሰበርኩ ወዲህ አይሰጠኝም።»

«ለፓኩም አይሰጥም፤ ከቢላው በኋላ ግድግዳ ተደግፎ ነው የሚያዛት፤ ያየ ሁሉ ያወራዋል። እንግዲህ ወደ ድንቹ እንምጣ። ሚስቴ ሎይስ የሞተች ዕለት፣ አክስቴ አርዲስ፣ መጀመሪያ በሬን ያንኳኩት እርስዎ ነበሩ። ሎይስ የሞተችው ጠዋት ነው፤ እርስዎ ግን ሲመሽ ነው የደረሱት። ዘገየሁ ብለው ይቅርታ ጠየቁኝ። ምን እንዳሉኝ ያስታውሳሉ?»

አክስቴ አርዲስ ያጣመሩትን እጅ ፈቱ። «ኦቨን ለቸኮለ አያበስልም አልኩህ።»

«እንደዚያ ነው ያሉኝ። ይሄ ድንች ተፈቅፍቆ፣ ተለውሶ፣ እንዲህ እስኪንኮሻኮሽ ከፓስተራችን ስብከት የበለጠ ጊዜ ይፈልጋል፤ የፓስተራችንን ስብከት ደግሞ ታውቁታላችሁ። ሮይስ ከኔ በቀር ለማንም አልነገረም። እኔ ከሁለት መንገድ ማዶ መጣሁ። እርስዎ ሳይረኑ ሳይጠፋ ገቡ፤ የያዙት ድንች ምላሴን አቃጠለኝ። ስለዚህ ሟቹን ማንም ሳያየው ድንቹ ኦቨን ውስጥ ነበር።»

«ለሌላ ነገር ሠርታው ይሆናላ» አለ ሮይስ። ድምፁ ቀንሷል። «አይደል አክስቴ? ለሌላ ነገር ነው በይው።»

«ይሄንኑ ነው የጠየቅኳቸው» አለ ኩችታ። «ለሕያው አይሠሩም። ከገና ወዲህም ሌላ ሰው አልሞተም። ድንቹ ሲጣድ ኬንድል መሞቱን የሚያውቀው አንድ ሰው ብቻ ነው።»

ዴብ በፎጣ የያዘችውን ነገር ጠረጴዛው ላይ አኖረችው። ትልቁ የብረት መጥበሻ ነው፤ ታጥቧል፤ በዘይት ታሽቶ ያብረቀርቃል፤ ሙቀቱ በፎጣው ውስጥ ያልፋል።

«ከየት ነው?» አለ ኦርቪን።

«ከኦቨናችሁ» አለች ዴብ። «ድንቹ ከነበረበት ሥር።»

«ብረት እርጥቡን አይቀመጥም» አሉ አክስቴ አርዲስ፣ ልጅ እንደሚያስተምር ሰው። «ይዝጋል።»

ሳይጠየቁ ቀጠሉ።

«ሲነጋጋ ሄድኩ። ድንቹን ሽጥ፤ ዓሣውንም ጨምርበት፤ ሳጥኗን ብቻ ተዋት አልኩት። ልጄን ቶሚዬን በቆሎ ጎተራ ውስጥ ሰምጦ ሲያወጡት በእንደዚያ ያለ ሳጥን ነው ያስገባነው። ኬንድልም ከተሸካሚዎቹ አንዱ ነበር። ከቀብር መልስ ከኔ ትሪ ሁለት ጊዜ ተነስቶ ያነሳ ልጅ ነው።»

«ምን አለዎት?»

«ማንኪያ ሞልቶ አጎረሰኝ። 'ቶም ቢኖር ይሄኛውን ነበር የሚመርጠው' አለኝና ወደ ማካሮኒው ዞረ። መጥበሻው ቅርብ ነበር።»

«ስንት ጊዜ መቱት?»

«እጄ እስኪዝል። ቤት ገባሁ፤ እጄን ታጠብኩ። ሰው ሞቷል፤ ሮይስ ብቻውን ቀረ፤ ድንች ፈቀፈቅኩ። ሌላ ምን ይደረጋል?»

ኩችታ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ያጎረሰዎት እንዴት ነበር?»

አክስቴ አርዲስ ለመጀመሪያ ጊዜ ፊታቸውን ከትሪው አዞሩ። «ይጣፍጣል» አሉ። «ከኔ ይሻላል።»

ሮይስ ከቦት ጫማው የሥጋ ቢላውን ሲያወጣ ያየችው ፓኩ ብቻ ነበረች። ጠረጴዛውን ዘሎ የአሮጊቷን አንገት ሲፈልግ ፓኩ መጥበሻውን ከነፎጣው አንስታ በሙሉ ኃይሏ ክንዱ ላይ አሳረፈችው። አጥንቱ እንደ ደረቅ እንጨት ተሰበረ። ቢላው ድንቹ ውስጥ ተተከለ። ሮይስ በጉልበቱ ወድቆ እንደ በሬ አገሳ፤ ደጅ ያለው ሕዝብ ለመጀመሪያ ጊዜ ጸጥ አለ።

«እዚህ ድረስ አስቀጥቅጠውሽ ዝም ያሉትን ነው ያዳንሻቸው» አለች ዴብ።

«አውቃለሁ» አለች ፓኩ። መጥበሻውን ገና አለቀቀችም።

«ማስረጃዬን ቀስ አድርገሽ አስቀምጪው» አለ ኩችታ።

አክስቴ አርዲስን በኋላው በር ይዘዋቸው ወጡ። ፓኩ አጠገብ ሲደርሱ ቆም አሉ። «ስትደበደቢ ሰምቼ ነበር» አሉ። «ድንቹ አልደረሰም ነበር።» ይቅርታ ይሁን ሰበብ እስካሁን ከተማው አልተስማማበትም። ኩችታ ደጅ ወጥቶ ለሕዝቡ ማን እንደገደለ ሲነግር ማንም ድንጋይ አላነሳም፤ ጥቂት ሰዎች ኮፍያቸውን አወለቁ።

ሲመሽ ፓኩ የኦርቪን ሊንድን በር አንኳኳች። ግንባሯ በፋሻ ታስሯል፤ በፎጣ የተጠቀለለ ትሪ ታቅፋለች። ሽማግሌው መብራት አላበራም።

«ማር የለበትም» አለች። «ዓሣም የለበትም። ኮርንፍሌክስ ብቻ ነው።»

ኦርቪን ትሪውን ረዥም ጊዜ አየው። «ይሄ ሰው ሲሞት ነው የሚሠራው» አለ።

ፓኩ በትከሻው አሻግራ የቀዘቀዘውን የአክስቴ አርዲስን ኦቨን አየች።

«አዎ» አለች።

ኦርቪን በሩን ሰፋ አድርጎ ከፈተላት፤ ሁለት ሹካ ሊያመጣ ሄደ።