ዶማው አየር ላይ ሲቆም

«እህስ? እንዴት ነው?» አለ አባቷ የጆሮ ማዳመጫውን ወደ አንገቱ እያወረደ።

ንዱኩ የጎረሰችውን ማንዳዚ ቶሎ ዋጠች። ለዚህ ጥያቄ የተለመደ መልስ አላት፤ «አሪፍ ነው፣ አባዬ»። አንዳንዴ ከልቧ ነው። አንዳንዴ ግን ሰውየው ትንሽ ይረፍ ብላ ነው የምትለው።

አባቷ ሙቲንዳ ለታሪክ ፊልሞች ሙዚቃ መሥራት ከጀመረ ሃያ ዓመቱ ነው። የሚሠራው መኝታ ቤቱ ውስጥ ነው፤ የማታቱ ታክሲዎቹ ጡሩምባ እንዳይገባ ፍራሹን መስኮቱ ላይ ገትሮ። «ፊልሙ ካማረ ዳይሬክተሩ ጎበዝ ነው፤ ካላማረ ጥፋቱ የሙዚቃው ነው» እያለ ይስቅ ነበር። ዘንድሮ መሳቁንም ትቶታል። ይኸው ሦስት ቀን ከወንበሩ አልተነሳም፤ ሥራው ደግሞ ዛሬ አሥር ሰዓት ላይ መላክ አለበት።

የአሁኑ ፊልም ማቻኮስ አውራጃ ውስጥ በእንግሊዞች ዘመን ከተነሳ አሮጌ ምስል የተሠራ ነው፤ ድምፅ የለውም። ሴቶች ተገደው፣ አለቃ ቆሞባቸው፣ ተራራ ላይ እርከን ይቆፍራሉ። የፊልሙ ዳይሬክተር «የሚያስለቅስ አድርግልኝ» ስላለች አባቷ ቫዮሊን አስገብቶበታል። እውነትም ያስለቅሳል።

ዶማዎቹ ግን! ሦስቴ ይወርዳሉ፣ ከዚያ አየር ላይ ይቆማሉ። ንዱኩ ይህን ታውቀዋለች። ባለፈው ዕረፍት አያቷ መንደር ደቦ ወጥታ እጇ እስኪላጥ ቆፍራለች። ዶማው የሚቆመው ለዘፈኑ ነው። አንዷ የሥራውን አለቃ በግጥም ትሸነቁጠዋለች፣ ሌሎቹ ይቀበሏታል። አሁንም ፊልሙ ላይ ከፊት ያለችው ቀጭን ሴት አፏን ከፍታለች፤ የጎረቤቷ ትከሻ በታፈነ ሳቅ ይንቀጠቀጣል።

«ታዲያስ? ልላከው?»

ዓይኑ ደም መስሏል። «አሪፍ ነው» ብትለው አሁኑኑ ይተኛል። ሴቶቹም በቴሌቪዥን እንዳለቀሱ ይቀራሉ። ማን ያውቅባታል?

«አባዬ፣ እንዳትቆጣኝ… እያለቀሱ እኮ አይደለም።»

«እነማን?»

«እያቸው እስቲ። አለቃውን እየሰደቡት ነው!»

ቫዮሊኑን አጠፋችና ፊልሙን ከመጀመሪያው አስነሳችው። ከዶማዎቹ ጋር ጠረጴዛውን መታች፤ ሦስቴ፣ ከዚያ ዝም። ሦስቴ፣ ከዚያ ዝም። ዝም ባለች ቁጥር የሴትየዋ አፍ ይከፈታል።

አባቷ ፊቱን በሁለት እጁ አሸው። «እናቴ እንዲህ እየቆፈረች ነው ያሳደገችኝ። እንዴት ሳላየው ቀረሁ? ደክሞኛል፣ ልጄ። በጣም ደክሞኛል።»

«አውቃለሁ።»

«ዳይሬክተሯ ለቅሶ ነው ያዘዘችው። ሥራውን ለሌላ ብትሰጠውስ?»

ንዱኩ እጁን ይዛ ከወንበሩ አስነሳችው። ፍራሹን ከመስኮቱ አውርዳ መሬት ላይ ዘረጋችው። የመንገዱ ጫጫታ ግልብጥ ብሎ ገባ። ሙቲንዳ ግን ጫማውን እንኳ ሳያወልቅ ጋደም አለና ወዲያው እንቅልፍ ወሰደው።

አሥር ሰዓት ሲሆን ስልኩ ጮኸ። ዳይሬክተሯ ናት። ንዱኩ የተኛውን አባቷን አየችና ስልኩን አነሳች።

«ሄሎ፣ የሙቲንዳ ልጅ ነኝ፣ ንዱኩ። አባዬ ተኝቷል። ሙዚቃው ገና አላለቀም።»