ምቀኛው ሰሌዳ ከጠፋ በኋላ

ስልኩ ሲጮኽ እናትየው እንደ ልማዷ ክፉ ክፉውን አሰበች። ልጇ ትንሽ ከዘገየች መኪና ገጭቷታል፤ ስልክ ካላነሳች ኤሌክትሪክ ይዟታል፤ ካሳለች ሳንባዋ ነው። ጎረቤቶቿ «አንቺ ደግሞ ሟርት ታበዢያለሽ» እያሉ ይስቁባታል። የዚያን ዕለት ጠዋት ፖሊሱ የነገራት ግን በዚያ ሁሉ ዓመት ካሰበቻቸው ክፉ ነገሮች መሃል አልነበረም። ልጇ ደህና ናት። የሞተው አሠሪዋ ነው። ልጅቷ ሥራ ልትገባ ስትል በሩ ላይ የተያዘችው ገድላዋለች ተብላ ነው።

እናትየው ስልኩን እንደያዘች ወለሉ ላይ ተቀመጠች። የፈሩት ይደርሳል ይባላል፤ ያልፈሩትስ ሲደርስ ምን ይባላል?

ሟቹ የሰፈሩ ኮምፒውተር ጠጋኝ ነበር። ብሎኖችን በከንፈሩ ይዞ ስለሚሠራ ትልቁም ትንሹም ጋሼ ብሎን ይለዋል። ልጅቷ ትምህርቷን እንደጨረሰች ሥራ የሰጣት፣ «የዚህች ልጅ እጅ አይንቀጠቀጥም» እያለ በደንበኛ ፊት የሚያሞግሳት እሱ ነው። እንዲህ ያለውን ሰው ልጄ ልትገድል? እናትየው ጣቢያ ሄዳ ይህንኑ ብትጠይቅም የሚመልስላት አጣች። ልጇንም ማየት አልተፈቀደላትም። ጉዳዩን የያዘችው መርማሪ ሟቹ ግቢ ናት ሲሏት፣ የሹራቧን ቁልፍ እንኳ በወጉ ሳትቆልፍ እግሬ አውጪኝ ብላ ወጣች።

ግቢው ጠባብ ነው። ከፊት ለፊት መጠገኛው አለ፤ ሆዳቸው የተዘረገፈ ኮምፒውተሮች በየጠረጴዛው ተሰልፈዋል። ከኋላው ጋሼ ብሎን ሥራ ሲቀል ገብቶ የመኪና ውድድር ጌም የሚጫወትባት ክፍል ናት። ከላይ ታናሽ ወንድሙ ይኖራል። ከኋለኛዋ ክፍል ጎን፣ በስስ የኮምፔንሳቶ ግድግዳ ብቻ ተለይቶ፣ የልብስ ሰፊዋ ሱቅ አለ።

በሩን የሚጠብቀው ፖሊስ ሳያዝንላት አልቀረም፣ ሳትጠይቀው ሁሉንም ነገራት። ሰውየው ወንበሩ ላይ እንደተቀመጠ ከኋላው በኔትወርክ ገመድ ታንቋል። ገመዱ ከልጅቷ ጠረጴዛ የተነሳ ነው። ክፍሏ ተዘግታ ኮምፒውተሩ ሲሠራ በመዋሉ እንደ ምድጃ ስለጋለች፣ ሐኪሙ የሞተበትን ሰዓት በትክክል መናገር አልቻለም። ነገር ግን ልብስ ሰፊዋ እስከ ምሽት ድረስ ሲጫወትና ሲጮኽ ሰምታዋለች። በዚያ ጊዜ ደግሞ ግቢው ውስጥ ከልጅቷ ሌላ ሰው አልነበረም። የሥራ ሸሪኩና ታናሽ ወንድሙ ከሰፈር ውጭ ሥራ ላይ ቆይተው ሲመለሱ ነው ሬሳውን ያገኙት። የእነሱም ኪስ ሳይቀር እዚያው ተፈትሿል።

እናትየው እያንዳንዱ ቃል በልጇ አንገት ላይ የሚጠመጠም መሰላት።

መርማሪዋ አጭር ሴት ናት፤ መነጽሯን በክር አንገቷ ላይ አንጠልጥላዋለች። ወንበር ሞልቶ ሳለ የተቀመጠችው በተገለበጠ ካርቶን ላይ ነው። እናትየውን ከእግር እስከ ራሷ ካየች በኋላ አጠገቧ ቦታ ለቀቀችላት።

«እርስዎ ልጄ ገዳይ ናት ብለው ያምናሉ?» አለች እናትየው።

«እናቴ፣ እኔ ገና መጠየቄ ነው። ሳልጠይቅ ካመንኩማ ደመወዜን በከንቱ በላሁት።»

ልብስ ሰፊዋ ዓይኗ አብጦ መጣች። እሷና ጋሼ ብሎን ሊጋቡ እንደነበር፣ ቤተ ዘመድም እንደሚያውቅ ተናገረች። ወንድሙም የላይኛውን ክፍል እንዲለቅ ተነግሮት እንደነበር ስትጠየቅ አልሸሸገችም። «አኩርፎ ነበር፤ ግን ወንድም ነው፣ ይበርድለታል ብለን ነበር» አለች። ከዚያ መርማሪዋ፣ በዚያ ምሽት በግድግዳው የሰማችውን ነገር ቃል በቃል እንድትነግራት ጠየቀቻት።

«የመኪናው ጩኸት ነበር። የእሱም ድምፅ ነበር። ብቻውን ሲጫወት እንደሚያደርገው ነው፣ ያው።»

«ምን ይል ነበር?»

ልብስ ሰፊዋ ሳታስበው ፈገግ አለች፤ ወዲያው እንባዋ መጣ። «"መጣ ደግሞ ይሄ ምቀኛ! ዞር በል ከፊቴ!" ይላል። ልኬት የምወስድላት ደንበኛዬም ሰምታ ስቃለች። እኔማ ድሮም ሲጮኽ ደስ ይለኛል፤ አለልኝ ማለት ነው።»

ምቀኛው ማን እንደሆነ ለመርማሪዋ የነገራት ሸሪኩ ነው። ከኮምፒውተሩ ፕሮግራም ጋር አብሮ የሚመጣ የስክሪን ሰሌዳ ነው፤ በጌሙ ላይ ተደርቦ ይወጣል፤ ድምፅ ያስተካክላል፣ ጨዋታውን ከተጫዋቹ ድምፅ ጋር ይቀርጻል። የጆይስቲኩን መሃለኛ ቁልፍ የነካ ሰው ይጠራዋል። የጋሼ ብሎን አውራ ጣት ደግሞ ወፍራም ነው፤ ኩርባ ላይ በደረሰ ቁጥር ቁልፉን ይነካና ሰሌዳው መንገዱን ይሸፍንበታል። ሊያሸንፍ ሲል ስለሚመጣበት ምቀኛ አለው። ከምሳ ሰዓት ጀምሮ አንድ መሥሪያ ቤት ውስጥ ካሜራ ሲተክል እንደዋለ፣ ያዩት ሠራተኞች ብዙ እንደሆኑ ጨምሮ ነገራት። ወንድሙም ከሰዓት በኋላ መጥቶ ሲያግዘው ነበር። አብረው ተመለሱ፤ ወንድምየው ቀድሞ ገባና ከውስጥ «ሩጥ፣ ፖሊስ ጥራ!» አለው።

መርማሪዋ ወደ ኋለኛዋ ክፍል ገባች። እናትየው ደጃፉ ላይ ቆመች፤ ዓይኗን ግን አልነቀለችም። መርማሪዋ የሞተው ሰው ወንበር ላይ ተቀመጠች፣ ጆይስቲኩን አነሳች፣ ጌሙን ከፈተች። መኪናዋ ከመነሻው ሳትርቅ ግድግዳ ገጨች። ደግማ ሞከረች፤ ደግማ ገጨች። መሃለኛውን ቁልፍ ተጫነች። ለቀቀች። እንደገና ተጫነች። ከዚያ መነጽሯን አድርጋ ስክሪኑን ብዙ አየችውና ወደ ደጃፉ ዞረች።

«እናቴ፣ የዚያን ቀን ከልጅዎ ጋር ተነጋግራችኋል?»

እናትየው አፈረች። በየቀኑ እኩለ ቀን ላይ ልጇ ደውላ ደህና መሆኗን ካልነገረቻት ምሳ አይወርድላትም። ልጅቷም ተሰላችታ «አለሁ፣ አልሞትኩም» ብላ ነው የምትጀምረው።

«ምን አለችዎት?»

«ያው ሥራዋን ነው። የጋሼን ምቀኛ አጠፋሁለት አለችኝ። ዲስኩን በቅጂ ሞልቶት ነበር፣ ሴቲንግ ገብቼ ዘጋሁት፣ ቅጂዎቹንም ደመሰስኩ አለች። ጋሼ ተደስቶ መረቀኝ ብላ ሳቀች። እኔ ደግሞ…» እናትየው አንገቷን ደፋች፤ «እኔ ደግሞ ሰውየው ያልፈቀደውን ነገር ነክተሽ እንዳይሆን፣ ኋላ ጣጣ ያመጣብሻል አልኳት።»

መርማሪዋ ወጥታ ፖሊሱን ጠራችውና የግቢውን ቆሻሻ መጣያ፣ ቱቦውን፣ በበሩና በኋለኛዋ ክፍል መካከል ያለውን ማንኛውንም ነገር እንዲበረብር አዘዘችው። እናትየው ይህ ለልጇ ይበጅ ይሁን አይበጅ አልገባትም። የባሰ ማስረጃ ሊፈልጉ ነው ብላ አሰበች።

በማግስቱ ሁሉም መጠገኛው ውስጥ ተሰበሰቡ። ልጅቷን በካቴና አመጧት። ፊቷ ገርጥቷል፤ እናቷን ስታይ ግን አገጯን ቀና አደረገች፣ አትፍሪ እንደማለት። ለእናትየው ይህ ከሁሉም የባሰ ሆነባት። ልብስ ሰፊዋ ከግድግዳው ተጠግታለች። ሸሪኩ ጠረጴዛ ተደግፏል። ወንድምየው እጁን አጣምሮ መሃል ቆሟል። መርማሪዋ የሟቹን ኮምፒውተር አውጥታ ጌሙን ከፍታዋለች።

«አንተ ጀምር» አለችው ወንድምየውን። «ያን ቀን ምን አደረግክ?»

«ነግሬሽ የለ። ጠዋት ወጥቼ ከምሳ በኋላ መጣሁ። ልጅቷ ፕሪንተር ልታደርስ ሄዳ ነበር። ወንድሜን ሰላም ብዬው ወጣሁ። በር ላይ እሷ ስትመለስ ተገናኘን። ከዚያ ወደ ሸሪኩ ሄድኩ።»

«ወንድምህን በዓይንህ አይተኸዋል? ደህና ነበር?»

«አነጋግሬዋለሁ እኮ። እየተጫወተ ነበር፤ በሩን ዘግቼለት ወጣሁ።»

«መልካም።» ጆይስቲኩን አቀበለችው። «እኔ አላውቅበትም። እስቲ ምቀኛውን አውጣልኝ።»

ወንድምየው ትከሻውን ነቅንቆ መሃለኛውን ቁልፍ ተጫነ። ስክሪኑ ላይ መኪናዋ ብቻ ናት። ደግሞ ተጫነ። ጆይስቲኩን ገለበጠና አየው።

«አይወጣም እኮ» አለ ሸሪኩ። «አጥፍታዋለች። ምሳ ልንበላ ስንል አጠገቧ ቆሜ ነበር። የድምፅ ማስተካከያውን እንኳ ተይልኝ ብላት፣ ጋሼ "ከነዘር ማንዘሩ ይጥፋ" አለ።»

መርማሪዋ መነጽሯን አወለቀች።

«ሟቹ ምሽት ላይ "መጣ ደግሞ ይሄ ምቀኛ" እያለ ሲጮኽ ሁለት ሰዎች ሰምተዋል። ሁለቱም አልዋሹም። ግን ምቀኛው ከእኩለ ቀን ጀምሮ የለም። ሸሪኩ ቆሞ አይቷል፣ እናትየውም በስልክ ሰምታለች። መሃል ላይ ማን መልሶ ከፈተው? ሟቹ እንዳይባል ከነዘር ማንዘሩ ይጥፋ ያለው ሰው ነው፤ ሰሌዳውም አሁንም እንደጠፋ ነው። ገዳዩ እንዳይባል ለገደለው ሰው ጌም የሚያስተካክል የለም። ስለዚህ በግድግዳው ያለፈው ድምፅ የዚያ ምሽት ድምፅ አይደለም። ምቀኛው በሕይወት ሳለ ራሱ የቀረጸው የቆየ ድምፅ ነው። አንድ ሰው ከዲስኩ ላይ አስቀድሞ ወስዶት ነበር። የዚያን ዕለት በተዘጋው ክፍል ውስጥ ለሞተ ሰው ከፈተለት።»

ልብስ ሰፊዋ አፏን በእጇ ያዘች።

«ድምፁ ቅጂ ከሆነ ሰውየው ምሽት ላይ አልሞተም። መቼ ሞተ? ልጅቷ ፕሪንተር ልታደርስ ከመውጣቷ በፊት ገድላው ሄዳለች ልል ነበር፤ እሷን ግን አንተ ነፃ አወጣሃት» አለች ወደ ወንድምየው ዞራ። «እሷ ከወጣች በኋላ ወንድምህ ደህና ነበር፣ አነጋግሬዋለሁ ብለሃል፤ አሁንም በሰው ፊት ደገምከው። ልጅቷ ስትመለስ ደግሞ፣ አንተው እንዳልከው፣ በሩ ተዘግቶ ጨዋታው ይሰማ ነበር። በዚህ መሃል ግቢው የገባው አንተ ብቻ ነህ። ሸሪኩን ወይም ልጅቷን እንዳልጠረጥር፣ ምቀኛው መጥፋቱን እያወቁ ስለ ምቀኛው የሚጮኽ ቅጂ አይመርጡም ነበር። ያላወቅከው አንተ ነህ፤ ጠዋት ወጥተሃልና። አሁንም ቁልፉን የተጫንከው ይወጣል ብለህ ነው።»

«ይሄ ወሬ ነው» አለ ወንድምየው። ከንፈሩ ነጭ ሆኗል።

«ወሬ ብቻ ቢሆን ባልጠራኋችሁ። ሬሳውን ያገኘህ ዕለት ሸሪኩን ፖሊስ ጥራ ብለህ ላክኸው። ብቻህን ስትቀር ቪዲዮውን ዘጋህ፣ ቅጂው ያለበትን ፍላሽ ነቀልክ። ኪስህ ውስጥ ማቆየት አልቻልክም፤ ሁላችሁም ትፈተሻላችሁ። ርቀህ መሄድም አልቻልክም።» ለፖሊሱ ምልክት ሰጠችው። ፖሊሱ በላስቲክ የተያዘ ትንሽ ፍላሽ አሳየ፤ ቀይ ክር ተጠምጥሞበታል። በልብስ ሰፊዋ በር ላይ ካለው የቁርጥራጭ ጨርቅ ጆንያ ሥር የተገኘ ነው። ውስጡ የሟቹ ጨዋታና ጩኸት አለ።

ልብስ ሰፊዋ ቀስ ብላ ወደ ወንድምየው ቀረበች። ትመታዋለች ብለው ፖሊሶቹ ተንቀሳቀሱ። እሷ ግን ፊቱን ብቻ አየችው።

«እኔ በድምፁ እንደምደሰት ታውቅ ነበር» አለችው።

ወንድምየው የተናገረው ለመርማሪዋ ነው፣ ዝቅ ባለ ድምፅ። «የተወለድኩበት ቤት ነው። ሚስት ላገባበት ነው፣ ዕቃህን ሰብስብ ይለኛል? እኔስ ማን አለኝ?»

ካቴናውን ከልጅቷ እጅ ፈተው ለእሱ አጠለቁለት። እናትየው ይህን ሁሉ እያየች ገና አላመነችም። አንድ ወረቀት ይጎድላል፣ አንድ አለቃ አልፈርምም ይላል፣ መልሰው ይወስዷታል ስትል ቆየች። መርማሪዋ መጥታ ክንዷን ስትነካት ደነገጠች።

«ይውሰዷት፣ እናቴ። ወደ ቤታችሁ ሂዱ።»

መንገድ ላይ ልጅቷ ከፊት ትራመዳለች። እናትየው ብዙ ልትናገር አስባ ነበር፤ ይህን ሥራ ተይ፣ ከቤት አትውጪ፣ ዓለም ክፉ ናት። ነገር ግን ልጅቷ የመንገዱን ጠርዝ ይዛ ቆመች፤ እስር ቤት ውስጥ ያልወጣው እንባዋ አሁን መጣ።

«እማ፣ ስወጣ በሩን አንኳክቼ "ጋሼ፣ ደህና እደር" አልኩት። ዝም አለኝ። ምን አጠፋሁ ብዬ መንገዱን ሙሉ ተቀይሜው ሄድኩ። ለማንም አልተናገርኩም። ሞቶ እኮ ነበር፣ እማ። የሞተ ሰው ነው የተቀየምኩት።»

እናትየው በሟርቷ እንኳ እስከዚህ ድረስ አስባ አታውቅም። የልጇን ሁለት እጆች ያዘች። የማይንቀጠቀጡት እጆች ይንቀጠቀጡ ነበር። እስኪረጋጉ ድረስ፣ መኪናው በአጠገባቸው እያለፈ፣ አጥብቃ ይዛቸው ቆመች።