የምድጃው ፊት

ምህረቱ በጀርባው ተንጋሎ፣ አፉ ገርበብ እንዳለ ሞቷል። ከአልጋው ግርጌ ነጭ አመድ የለበሰ የከሰል ምድጃ ተቀምጧል። መስኮቱ ዝግ ነው። አንኮበር ላይ ብርድ በጠና ቁጥር የከሰል ጭስ አንድ ሰው ሳይወስድ ስለማያልፍ፣ ሳጅን ኃይለ ገብርኤል የበሩን ደፍ ሳይሻገሩ ጉዳዩን ጨርሰውት ነበር።

«አደጋ ነው» አሉ፣ ከደብረ ብርሃን ለመጣችው መርማሪ። «ቸልተኝነት ከተባለም ምግብ ሠሪዋ አለች። እሳት የምታቀጣጥለው እሷ ናት። መኪና ውስጥ አስቀምጫታለሁ፣ ጎረቤላ ጣቢያ ወስጄ ላስራት ነው።»

ኢንስፔክተር ታንጉ ወልደአረጋይ ጓንቷን እያጠለቀች በአጠገባቸው አለፈች። «ገብተው አይተውታል?»

«ከዚህም ይታያል።»

«ከዚያ የሚታየውማ ይታያል።»

ተንበርክካ የሟቹን ከንፈርና ጥፍር መረመረች። በከሰል ጭስ የሞተ ሰው ከንፈሩ ይቀላል፤ የዚህ ሰው ግን ጠቁሯል። በጥርሶቹ መሃል የተያዘ ነገር በመቆንጠጫ ሳብ አደረገች። የበግ ፀጉር ነው። ከዚያ ምድጃውን ዞራ ከጀርባው አየችውና ወደ ሳጅኑ ዞረች።

«ይሄን በጨርቅ ሸፍነው ያምጡልኝ። ማንም እንዳያየው።»

ሟቹ «ቅምሻ» የተባለች መጽሔት አዘጋጅ ነበር። ሥዕልን፣ የፋሽን ፎቶንና ምግብን በአንድ ቅጽ የምታቀርብ፣ ማንም የማይደጉማት መጽሔት ናት። ለአዲሱ እትም ፎቶ ለማንሳት ከሦስት ሰዎች ጋር ይህን ቤት ተከራይቶ ነበር፤ ከምግብ ሠሪዋ ነሲባ፣ ከልብስ ዲዛይነሯ ፀደንያና ከፎቶ አንሺው ዘላለም ጋር።

ነሲባ ፖሊስ መኪናው ውስጥ እጆቿን በሻርፗ ጠቅልላ ተቀምጣለች። ሬሳውን ያገኘችው እሷ ናት።

«እሳት አስገብተሽለት ነበር?»

«ወላሂ አላስገባሁም። የእኔ ምድጃ አንድ ነው፣ እሱም ማድ ቤት ከእኔው ጋር አድሯል። ያኛው የፎቶ ነው። እሳት ነክቶት አያውቅም። ለሳጅኑ ብነግራቸው ‹ሁሉም እንደዚህ ነው የሚለው› አሉኝ።»

«እሳት ካልነካው አመዱ ከየት መጣ?»

«አመድ ለፎቶ ቆሻሻ ይመስላል ይላሉ። በሱ ፈንታ ዱቄት ይነሰንሱበታል። እኔ እህል ከሰል ላይ አልበትንም ብዬ ትቼዋለሁ። አንዳንዴ ፀደንያ፣ አንዳንዴ ዘላለም ይሠሩታል።» በመስኮቱ ወደ ቁልቁለቱ ተመለከተች። ጉሙ ምንም አያሳይም። «ልጆቼ አልዩ አምባ ናቸው። አባት የላቸውም። ከታሰርኩ ማን ጋ ይሄዳሉ?»

ታንጉ አላጽናናቻትም። የመኪናውን በር ግን ክፍት ትታው ሄደች።

ፀደንያ ሳሎን ውስጥ ከልብሶቿ መደርደሪያ ሥር ወለሉ ላይ ተቀምጣለች። መደርደሪያው ላይ ከተሰቀሉት አንዱ ነጭ ደበሎ ነው።

«የበግ ቆዳው የማን ነው?»

«የእኔ። ከእነዋሪ ገበያ ገዝቼ በእጄ የሰፋሁት።» ቀና ብላ አየቻት። «ትናንት ተጣልተን ነበር፣ ያንንም ይጻፉት። ምህረቱ እትሙን ሊሰርዘው ነበር። የመጀመሪያ ሥራዬ የሚወጣበትን እትም።»

«ለምን ሊሰርዘው ፈለገ?»

«በአንዲት ልጅ ምክንያት። ደብረ ብርሃን የተፈናቃዮች መጠለያ ሄደን ፎቶ ተነሳች። የእኔን ልብስ ለብሳ፣ ድፎ ዳቦ ታቅፋ። ዳቦው እንዲያብረቀርቅ ዘላለም ቫርኒሽ ቀብቶት ነበር። ሥራው ሲያልቅ ዳቦውን እዚያው ተወውና ተመለስን። ልጅቷ በላችው። በዚያ ተመርዛ መሞቷን ምህረቱ ባለፈው ሳምንት ነው የሰማው። ፎቶው ደግሞ ውጭ አገር ለኤግዚቢሽን ተመርጧል። ትናንት እራት ላይ ‹በምትኩ የሚወጣው እትም ሽፋኑ ነጭ ይሆናል፣ ስሟ ብቻ ይታተምበታል፣ ውስጡ ያደረግነውን እንጽፋለን› አለን።»

«ዘላለም ምን አለ?»

«እራቱን በልቶ ተነሳ።»

ዘላለም በረንዳው ላይ የካሜራውን ሌንስ እየጠረገ ነበር። ቀጭን ነው፣ ጫማው ጭቃ በጭቃ ሆኗል።

«ሬሳውን አይተኸዋል?»

«አላየሁም። ገና ሳይነጋ ወጥቼ ገደሉ አፋፍ ላይ ጉሙን እያነሳሁ ነበር። ስመለስ ሳጅኑ በሩን ዘግተውታል። ከሰል ነው ሲሉ ሰማሁ።»

«ክፍሉ ውስጥ ትናንትም አልገባህም? ምድጃ ሲገባም አላየህም?»

«ኢንስፔክተር፣ ነገርኩዎት እኮ። ምኑንም አላየሁም።»

«እሺ። ጨርሻለሁ።»

ሁሉንም ሳሎን ሰበሰበቻቸው። ነሲባም ከመኪናው ወርዳ በሩ አጠገብ ቆመች። ሳጅኑ የተሸፈነውን ነገር ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡና ታንጉ ጨርቁን ገለጠችው። ወደ ሰዎቹ የዞረው ጎን ጥቁር ከሰል ብቻ ነው።

«ለመዝገቡ ፎቶ ያስፈልገኛል» አለች። «ዘላለም፣ ካሜራው ያለው አንተ ጋ ነው። ምድጃውን ብቻ አንሳልኝ፣ ቶሎ።»

ዘላለም ካሜራውን ወደ ዓይኑ አነሳ። ምላሱን ጠቅ አደረገና ካሜራውን ዝቅ አደረገው። ራመድ ብሎ ምድጃውን በሁለት ጣቱ ከግማሽ በላይ አዞረው። ነጩ ጎን ወደ ፊት መጣ። ያኔ አነሳው።

«አመሰግናለሁ» አለች ታንጉ። «አሁን ተቀመጡ።»

ከብርጭቆ ውኃ በጣቷ ነክራ ነጩን ነገር አሸችውና ጣቷን ለሳጅኑ አሳየቻቸው። ሊጥ ሆኗል።

«ዱቄት ነው። ከሰሉ አልነደደም፤ ስለዚህ ምህረቱን ጭስ አልገደለውም። ከንፈሩ ጠቁሯል፣ ጥርሱ መሃል የበግ ፀጉር አለ። ተኝቶ ሳለ በደበሎው አፍነውታል። ምድጃው ከዚያ በኋላ የገባ ነው። የሚነደው ምድጃ ነሲባ ጋ ስላደረ፣ ገዳዩ ያልነደደውን አስመስሎ ማቅረብ ነበረበት።»

«ነሲባ ራሷ ብትሆንስ?» አሉ ሳጅኑ።

«ይሄ ምድጃ እሳት ነክቶት አያውቅም ብላ የነገረችዎት እሷ ናት። የሰማት ሰው ጠፋ እንጂ። የራሱን ዘዴ ለፖሊስ የሚያፈርስ ገዳይ የለም።»

ሳጅኑ ኮፍያቸውን አወለቁ።

«ቀሩ ሁለት። ፀደንያ፣ ጨርቁን ስገልጠው ምን አየሽ?»

«ጥቁር ከሰል።»

«ከጀርባው ነጭ መሆኑን ታውቂ ነበር?»

«ከየት አውቃለሁ?»

«ዘላለም ግን አወቀ። ክፍሉ ውስጥ አልገባሁም፣ ምኑንም አላየሁም ብሎኛል። ሆኖም ከጀርባው ምን እንዳለ ሳያይ አዞረው፣ ነጩ ፊት ሲመጣለት ቆመ።»

«ልማድ ነው» አለ ዘላለም። ድምፁ አልተለወጠም። «ዕቃ ሳላዞር አንስቼ አላውቅም።»

«አዎ፣ ልማድ ነው። ዱቄቱንም ከበሩ በሚታየው በኩል ብቻ የነሰነስከው በልማድ ነው። ካሜራ የማያየውን ጀርባ ሠርተህ አታውቅም። ሳጅን፣ ቦርሳውን ይክፈቱት።»

ከሌንሶቹ መሃል አፉ እንደ ወንፊት በሴት ስቶኪንግ የታሰረ የዱቄት ቆርቆሮ ወጣ። ደበሎውን ፀደንያ ራሷ ከመደርደሪያው አውርዳ ወደ ብርሃኑ ያዘችው። አንገቱ ጋ ፀጉሩ በጥርስ ተነጭቷል፣ የደረቀ ምራቅም አለበት። ሳትናገር ጠረጴዛው ላይ አኖረችው።

ዘላለም ካሜራውን ከአንገቱ አወለቀ። «ሁላችሁም ፎቶውን ወዳችሁት ነበር» አለ። «ምህረቱ አልቅሶበታል። ልጅቷ አንዴ ሞታለች፤ ስሟን ብናትመው ትነሳለች?»

«ስሟ ማን ነበር?» አለች ታንጉ።

ዘላለም አፉን ከፈተ። ፎቶ ባነሳት ዕለት ቀኑን ሙሉ ‹ቀና በይ፣ ወደ እኔ እዪ› ሲላት የዋለ ሰው ነው። ወደ ፀደንያ አየ። ፀደንያም አንገቷን ደፋች።

«ሱልጣና» አለች ነሲባ ከበሩ። «የዚያን ቀን እኔ ጠይቄያት ነበር።»

ሳጅኑ ካቴናውን አወጡ። ነሲባ ወደ ጠረጴዛው ሄደች፤ ምድጃውን አንስታ ከሰሉ ላይ የቀረውን ዱቄት በመዳፏ ጠርጋ ሰበሰበችና የምታኖርበት ቦታ ፈለገች።

«ተዪው» አለቻት ታንጉ። «ማስረጃ ነው። ወደ ልጆችሽ ሂጂ።»