ሁለት እህት፣ አንድ ሬሳ

የአብዱልመጂድ ራስ ቅል በበር መወርወሪያ ብረት ተፈርክሷል። ደሙ በጆሃንስበርግ ትሮይቪል ሰፈር ያለውን የሐበሾች አዳራሽ ጓዳ እስከ ጣሪያው ረጭቶታል። አዳራሹ ውስጥ ደግሞ ዘመዶቹ ሚስቱን ሱሀይላን ሊቀጠቅጡ ዱላ አንስተዋል፤ ከፊልሙ መሃል ለሶላት ብላ ወጥታ ነበርና ገዳይዋ እሷ ናት ብለዋል።

«እኔ ነኝ የገደልኩት!» ብላ ታናሽ እህቷ ሩመይሳ መሃል ገባች።

ዱላው ወደ እሷ ዞረ።

«ውሸቷን ነው፤ እኔ ነኝ!» ጮኸች ሱሀይላ።

«ቁጭ በሉ! መጀመሪያ እኔን ምቱ» አለች የአለምወርቅ። አዲስ አበባ ወንጀል መርማሪ ነበረች፤ እዚህ ማስክ ትቸረችራለች። ጆበርግ ላይ ሐበሻ ሲገደል ግን ከፖሊስ በፊት የምትጠራው እሷ ናት።

የኮሮናው ሰዓት እላፊ ሳይገባ አዳራሹ ውስጥ ስለ ሁለት እህትማማቾች የሚያወራ የጥንት የጣሊያን ፊልም ይታይ ነበር። ድምፅ አልባ ስለሆነ ሩመይሳ ቆማ በአማርኛ ትተርከዋለች። ተመልካቹ ሁሉ ማስክ ስላጠለቀ ማን እንደነበረ፣ ማን እንደወጣ የለየ የለም።

የአለምወርቅ ጓዳውን አይታ ተመለሰች። በሩ አልተሰበረም። ቁልፉ ያለው ከባልና ሚስቱ ሌላ ሾፌራቸው ሀቢሶ ጋ ብቻ ነው።

«ሀቢሶ፣ የት ነበርክ?»

«ኧረ እትዬ፣ ከኋላ ቁጭ ብዬ ፊልሜን ሳይ!»

«እስከ መጨረሻው?»

«እንዴታ! ታላቅየዋ የእህቷን ወንጀል ተሸክማ ስትሰቀል እንባዬ ማስኬን አራሰው።»

የተሰበሰበው ሰው ሁሉ ዞሮ አየው።

የአለምወርቅ ሁሉንም ዙሪያዋን አስቀመጠች። «ሩመይሳ አዳራሽ ሙሉ ሰው ሲሰማት ስለነበር አልገደለችም። ሱሀይላም ባሏ የሰበረው ክንዷ ጄሶ ውስጥ ነው፤ ያን ብረት በሁለት እጅ ካልሆነ አታነሳውም። ባለፈው እሁድ ፊልሙ ሲታይ ታላቅየዋ በእርግጥ ተሰቅላለች። ዛሬስ፣ ሩመይሳ?»

«መሃል ላይ ፕሮጀክተሩ ተቃጠለ። ሰዉ ሲጮህብኝ የቀረውን በአፌ ጨረስኩት። የእህቴን ክንድ እያሰብኩ ሌላ እህት መስቀል አቃተኝ። ገመዱን በጠስኩላትና አብረው አመለጡ።»

«ሰማህ፣ ሀቢሶ? ጓዳ ሆነህ የምትሰማው ቃሉ የማይለይ የሩመይሳን ድምፅ ብቻ ነው። ድምፁ ሳይቋረጥ ሲቀር ፊልሙም የቀጠለ መሰለህ፤ የእሁዱን መጨረሻ ነገርከን። እዚህ የነበረ ሰው ሁሉ ግን ዛሬ ማንም እንዳልተሰቀለ ያውቃል።»

ሀቢሶ ወደ በሩ ዘለለ፤ በጡጫ መልሰው ጣሉት። አፉ በደም ተሞላ።

«ወንድሙን ኦሬንጅ ፋርም ሰፈር ለዘራፊ ጠቁሜ እንዳስገደልኩ ደርሶበት አነቀኝ! ዝም ብዬ ልሙትለት?»

ዱላው ሁሉ እሱ ላይ ተነሳ። የአለምወርቅ ግን ፖሊስ እስኪመጣ እንዳይገድሉት ላዩ ላይ ቆመች።

ሱሀይላ በደህናው እጇ እህቷን ጎተተች። «አንቺ ቂል፣ እውነት የገደልኩት መስሎሽ ነበር?»

«መስሎኝ ነበር» አለች ሩመይሳ። «ደስም ብሎኝ ነበር።»