እስከ ዓርብ

በ2013 ዓ.ም. የሚያዝያው ዝናብ ቀረ። ዓመቱ ተቀይሮ የጥቅምቱም ቀረ። ቀጣዩ ሚያዝያ ደመናውን አሳይቶ ሄደ። በሱማሌ ክልል ከሐርተሼክ እስከ ቀብሪበያ ባለው መንገድ ዳር መጀመሪያ ላሞች ወደቁ፤ ቀጥሎ በጎች፤ በመጨረሻ ግመሎች። ከእንስሳቱ ኋላ ሰው ወደቀ። ከወደቁት አንዷ የጉሃድ እናት ነበረች። ፍየሎቿን እየነዳች ወደ ቤተሰቧ ብርካ ሄደች። ብርካ የዝናብ ውሃ የሚጠራቀምበት በሲሚንቶ የተለሰነ ጉድጓድ ነው፤ እዚያ አገር የቤተሰብ ነፍስ ማለት ነው። ደርቆ ጠበቃት። ስትመለስ መንገድ ላይ ቀረች። «ሲሚንቶው ተሰንጥቆ ውሃውን መሬት ጠጣው» ተባለ። ሁሉም አመነ። በድርቅ ጊዜ የማይሰነጠቅ ነገር የለም።

ዝናቡ በ2015 ተመለሰ። በዚያው ዓመት ግንቦት፣ አንድ ማክሰኞ ጠዋት፣ ጉሃድ ጅግጅጋ ውስጥ በረቢዓ ቪዲዮ ቤት ሞቶ ተገኘ።

ኢንስፔክተር ወልደሩፋኤል ሲጠራ ቁርሱን አልጨረሰም ነበር። ማን እንደሞተ ሲነግሩት የያዘውን ጉርሻ ወደ ሳህኑ መለሰው።

ጉሃድ ፊልም ተርጓሚ ነበር። የሕንድ ፊልም ሲታይ ከሸራው አጠገብ ባለች ጠባብ ክፍል ተቀምጦ፣ በትንሽ መስታወት ወደ ሸራው እያየ፣ በድምፅ ማጉያ ለሕዝቡ ይተርካል። ታሪኩን በሱማሊኛ፣ ቀልዱን በአማርኛ። የሚያድረውም እዚያው ነበር። አስከሬኑ በፍራሹ ላይ ተጋድሟል፤ ፊቱ የተኛ ሰው ፊት ነው፤ ቀላ ብሏል።

ወልደሩፋኤል ክፍሏን ያውቃታል። በ2010 ሐምሌ መጨረሻ ከተማው በብሔር ግጭት ሲታመስ እሱ ለሥራ ወደ ጅቡቲ ድንበር፣ ደወሌ ሄዶ ነበር። ጉሃድ ሚስቱን ሙሉመቤትን በዚህች ክፍል ሸሸጋት። ዱላ የያዙ ሰዎች በሩን ሲደበድቡ፣ ድምፅ ማጉያውን ከፍቶ ባዶ ወንበር ፊት የሌለ ፊልም ይተርክ ጀመር። አዳራሹ በራሳቸው ሰዎች የተሞላ መስሏቸው ሄዱ። ከዚያ በኋላ ወልደሩፋኤል ስንት ጊዜ ውለታውን ሊመልስ ሞከረ። ጉሃድ ይስቅ ነበር፤ «ለጎረቤት ደግሞ ምን ብድር አለ?» እያለ።

«የጄኔሬተር ጭስ ነው ጋሼ» አለ ረዳቱ ዐብዲሓኪም። «የጭስ ማውጫው ቧንቧ ተንሸራቶ በአየር ማስገቢያው ቀዳዳ ገብቷል። ሥራው የይሁን ነው። አዛዡ በቸልተኝነት ክሰሱትና ዝጉት ብለዋል።»

ይሁን የቪዲዮ ቤቱ ሠራተኛ ነው፤ ሁለት ልጆች ያሉት፣ እጁ ዘይት የማይለቀው ሰው። በጓሮው ግድግዳ ሥር ቁጢጥ ብሏል።

«ጄኔሬተሩን ለምን አላጠፋኸውም?»

«ሰው ስልኩን ቻርጅ ሊያደርግ ትቶ ይሄዳል ጋሼ። ነዳጁ ሲያልቅ ራሱ ይጠፋል። ሁልጊዜ እንዲሁ ነው።»

«ቧንቧውስ?»

«ከምሰሶው ጋር በሽቦ ታስሮ ነበር። ወላዲተ አምላክን ታስሮ ነበር!»

«አትማል። አያለሁ።»

ወልደሩፋኤል ሽቦውን አነሳና በጣቱ ዳሰሰው። አልተበጠሰም። የጥምዝዙ ቅርጽ ሳይጠፋ በእጅ ተፈቷል። ከምሰሶው ላይ የይሁን የቆዳ ጓንት ተንጠልጥሏል። ኢንስፔክተሩ አጎንብሶ ቧንቧውን ለረጅም ጊዜ ተመለከተ። ከዚያ ከብረቱ ላይ የተጠበሰ ስስ ነገር በምላጭ ፍቆ በወረቀት ጠቀለለ። ወረቀቱን ኪሱ ከተተ።

«ትናንት ምን ነበር የታየው?»

«የበቀል ፊልም ነው። ቀይ ሻሽ ያሰረ ሰውዬ እናቱን የገደለበትን ወዳጁን ያሳድዳል።» ይሁን አፍንጫውን ጠረገ። «እኛ ቤት የሚሄደው በቀል ብቻ ነው ጋሼ። ፍቅር ስናሳይ ወንበሩ ባዶ ነው። በቀል ከሆነ ሰው ቆሞ ያያል።»

«ለምን?»

«እዚህ አገር ያልተወሰደበት ማን አለ? ሲመለስ በሸራ ላይ እንኳ ማየት ይፈልጋል።»

የቪዲዮ ቤቱ ባለቤት ረቢዓ ከደሴ የመጣች ነጋዴ ናት። አልቅሳ ዓይኗ አብጧል፤ ምላሷ ግን አልደከመም።

«ተጣልታችኋል ይላሉ» አላት።

«ተጣልተናል! አዋርዶኛላ! በሸራው ላይ ባለ ቀይ ሻሹ ጎራዴ መዝዞ የወዳጁን አንገት ይቀላል። የኔ ተርጓሚ ምን ቢል ጥሩ ነው? ‹አልገድልህም፤ እስከ ዓርብ ቀን ሰጥቼሃለሁ፤ በሽማግሌ ፊት ቆመህ የእናቴን ነገር በራስህ አፍ ተናገር።› ሕዝቡ በሳቅ ፈረሰ። ‹ዋርያ ጉሃድ፣ አንገቱ ተቆርጦ በምን አፉ ይናገራል?› አሉት። ግማሹ ብሬን መልሺ አለኝ።»

«ከዚህ በፊት ተሳስቶ ያውቃል?»

«ጉሃድ? በሕልሙ እንኳ አይስትም። እኔ ልገድለው ኢንስፔክተር? እንጀራዬን?»

ቀብሩ በዚያው ቀን ከሰዓት ሆነ። ወልደሩፋኤል ባርኔጣውን ይዞ ራቅ ብሎ ቆመ። ከሁሉ አብዝቶ ያለቀሰው የጉሃድ እህት ባል ዴቅ ነበር። ከፈኑን የገዛው እሱ ነው። ለቀብር የመጣውን ሁሉ አቅፎ የሚያጽናናው እሱ ነው። አፈር ሲበተን ግን ቀኝ እጁ ከትከሻ ልብሱ ሥር አልወጣም። በግራው በተነ። አጠገቡ የነበሩ አንድ ሽማግሌ ገላመጡት።

በማግስቱ ወልደሩፋኤል ለቅሶ ቤት ሄደ። ዴቅ በጓዳው በር አጠገብ ተቀብሎ አስቀመጠው።

«ወንድሜ ነበር ኢንስፔክተር። አማቼ አልለውም።»

«ሰኞ ማታ የት ነበርክ?»

«ደወሌ፣ ለዕቃ። ማክሰኞ መርዶው መንገድ ላይ ደረሰኝ።»

«እኔ ፊልም አላውቅም» አለ ወልደሩፋኤል። «የሟች የመጨረሻ ቃል ያ ፊልም ሆነና ላውቀው ፈለግሁ። ባለ ቀይ ሻሹን ታውቀዋለህ?»

«እሱንማ ባለፈው ወር ደወሌ ሻይ ቤት ተቀምጬ አይቼዋለሁ።»

«እንዴት ያልቃል?»

ዴቅ አንገቱን ደፋ። «ደግ ፊልም ነው። ጠላቱን ያገኘዋል፤ ግን አይገድለውም። ቀን ሰጥቶ ይለቀዋል። ጉሃድም እንዲያ ነበር። ቂም አያውቅም። ማን ይጠላዋል? ይህ የአላህ ሥራ ነው፤ ያንንም ምስኪን ሠራተኛ ባታስሩት።»

«ደግ ነህ» አለ ወልደሩፋኤልና ተነሳ።

ሲወጣ የጉሃድን እህት ናስትሆን በግቢው አገኛት። ዓይኗ ደረቅ ነበር።

«ያለፈው ሳምንት ሐርተሼክ ሄዶ የአባታችንን ብርካ አይቶ መጣ» አለችው። «‹ሞልቷል› አለኝ። ሌላ ቃል አልጨመረም። ሰኞ ጠዋት ለዴቅ ስልክ ደውሎ ‹ማታ ና፣ ላንተ የሚሆን ፊልም አለኝ› ሲለው ሰምቻለሁ። ዴቅ ግን ደወሌ ሄደ።»

ሐሙስ ወልደሩፋኤልና ዐብዲሓኪም ሐርተሼክ ወረዱ። ብርካው አፉ ድረስ ሞልቷል። ኢንስፔክተሩ ልብሱን አውልቆ በደረጃው ወደ ውሃው ገባ። እየዋኘና እየጠለቀ ግድግዳውን በመዳፉ እየዳሰሰ ዞረ። በዕድሜ የጠቆረ ሲሚንቶ ነው፤ ከዳር እስከ ዳር አንድ ወጥ።

«ምን አገኘህ ጋሼ?»

«ምንም» አለ ወልደሩፋኤል። «ምንም አለማግኘቴ ነው የከፋው።»

ዓርብ ከጁምዓ ሶላት በኋላ ሁሉም በቪዲዮ ቤቱ ተሰበሰቡ። ከፊት የጎሳው ሽማግሌዎች፣ ከኋላቸው ናስትሆ፣ ዴቅና ረቢዓ። ይሁን በሁለት ፖሊስ መካከል ተቀምጧል።

«ፊልም እናያለን» አለ ወልደሩፋኤል።

«በለቅሶ?» አለ ዴቅ።

«መጨረሻውን ብቻ። ያለ ድምፅ።»

ሸራው በራ። ባለ ቀይ ሻሹ ወዳጁን አንበረከከ። ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ። ጎራዴው ከሰገባው ወጣ። አንገቱ ላይ አረፈ። ዐብዲሓኪም ሥዕሉን በዚያው አቆመው።

ወልደሩፋኤል ወደ ሸራው ሳይሆን ወደ ዴቅ ነበር የሚያየው። ዴቅ አፉን ከፍቶ ቀርቷል።

«አይተኸው አታውቅም» አለው በቀስታ።

«አይቻለሁ፤ ረስቼው…»

«ሽማግሌዎች፣ ላስረዳ። ይህን ፊልም ያየ ሁሉ የሚነግረኝ ስለ ጎራዴው ነው። ረቢዓ ጎራዴ አለች። ይሁን በቀል አለኝ። ደወሌም ቢታይ ጎራዴው ያው ጎራዴ ነው። ዴቅ ግን ‹አይገድለውም፣ ቀን ይሰጠዋል› አለኝ። ያ ቃል በፊልሙ የለም። ጉሃድ ከልቡ አውጥቶ ሰኞ ማታ የጨመረው ነው፤ የተነገረውም እዚህ ብቻ ነው። ስለዚህ ዴቅ ሰኞ ማታ ጅግጅጋ ነበር።»

«እዚህ ተቀምጬ ማን አየኝ?» አለ ዴቅ።

«አልተቀመጥክም። ተቀምጠህ ቢሆን ጎራዴውን ታይ፣ ከሕዝቡም ጋር ትስቅ ነበር። አንተ የሰማህ እንጂ ያየህ አይደለህም። ድምፅ ማጉያው የሚሰማበት፣ ሸራው የማይታይበት ቦታ አንድ ብቻ ነው። ጓሮው፤ ከጄኔሬተሩ አጠገብ።»

ሽማግሌዎቹ ተንቀሳቀሱ። ይሁን ቀና አለ።

«ወዳጅህ ና ብሎሃል። ፊቱን ለማየት ፈርተህ በጓሮ መጣህ። የነገረህን ሰማህ። ሕዝቡ ወጣ፣ ይሁን ወጣ፣ ጉሃድ ተኛ። ሽቦውን በጣትህ ፈታህ። ይሁን ቢሆን ጓንት ያደርግ ነበር፤ ቧንቧው እንደሚያቃጥል ያውቃል። አንተ አላወቅህም፤ የመዳፍህ ቆዳ ብረቱ ላይ ቀርቷል፤ በወረቀት ይዤዋለሁ። ለዚህ ነው አፈሩን በግራህ የበተንከው። ቀኝ እጅህን ዘርጋ።»

ዴቅ አልዘረጋም። ናስትሆ ተነሳች፤ የትከሻ ልብሱን ገፈፈችው። መዳፉ በጨርቅ ተጠቅልሏል። ጨርቁን ፈታችው። የተላጠውን፣ የተቃጠለውን መዳፍ አይታ እጁን ለቀቀችው።

«ለምን?» አለችው። ለወልደሩፋኤል ሳይሆን ለባሏ ነበር።

«የብርካው ክዳን ቁልፍ ማን ጋር ነበር ናስትሆ?» አላት ወልደሩፋኤል።

«እሱ ጋር። አባቴ ሲሞት ለልጁ አልሰጠም፤ ለእሱ ሰጠው። ከልጄ አብልጬ አምነዋለሁ ብሎ።»

«ትናንት ገብቼ ዳሰስኩት። የተሰነጠቀ ሲሚንቶ ካልተጠገነ ውሃ አይዝም። ያ ብርካ ተጠግኖ አያውቅም፤ ውሃም ይዟል። ተሰንጥቆም አያውቅም።»

በሸራው ላይ ጎራዴው እንደቆመ ነው።

«እናቴ ስትመጣ ውሃው የት ነበር?» አለች ናስትሆ።

ዴቅ ወደ ሽማግሌዎቹ አየ። አንዳቸውም ፊታቸውን አላዞሩለትም።

«በቦቴ ሄዷል» አለ። «ሸጥኩት። ዝናቡ ይመጣል ብዬ… ሳይታወቅ ይሞላል ብዬ ነበር። እሷ ትመጣለች አላልኩም። ከሞተች ወዲህ ማታ በራፌ ላይ ሆና ውሃ ስትለምነኝ እሰማለሁ፤ በየቀኑ።»

«እኔም አጠገብህ ተኝቼ ነበር» አለች ናስትሆ። «በየቀኑ። ‹ምን ሆንክ› ስልህ ‹እናታችንን አስቤ› ትለኝ ነበር። ደረቴ ላይ አስተኝቼ አባበልኩህ።»

አንድ ሽማግሌ ወደ ዴቅ ዞሩ። «ጉሃድ ወደ እኛ መምጣት ይችል ነበር። ለምን ከፊልም ጋር ቀላቅሎ ነገረህ?»

«እንዳላፍር» አለ ዴቅ። «ራሴ መጥቼ እንድናገር። ሌላው ሰው ፊልም እንዲመስለው።»

«እናቱ የተገደለችበት ሰው በሸራው ላይ ጎራዴ ይዞ ነበር» አለ ወልደሩፋኤል። «ጉሃድ ግን በጎራዴው ፋንታ ቀን ሰጠህ። ዛሬ ዓርብ ነው። በሽማግሌ ፊት ቆመሃል፤ በራስህ አፍ ተናግረሃል። ዐብዲሓኪም፣ ይሁንን ልቀቀውና ይህን ውሰደው።»

ናስትሆ ከመሄዱ በፊት እጇን ዘረጋች። ዴቅ በግራ እጁ ከኪሱ ቁልፉን አውጥቶ ሰጣት። ፊቱን አላየችውም።

ወልደሩፋኤል ቤቱ ሲደርስ ፀሐይ ገና አልጠለቀችም። ሙሉመቤት በሩ ላይ ቆማ ትጠብቀው ነበር።

«ተናገረ?» አለችው።

«ተናገረ። በዓርቡ።»

ያን ጊዜ ተሸሽጋ በአየር ማስገቢያው ቀዳዳ ብርሃን ትጠብቅባት የነበረችውን ያችን ክፍል ያሰበች መሰለው። ከዚያ ከመንገዱ ገለል ብላ አሳለፈችው።

«ግባ እንግዲህ» አለችው። «ብድር በምድር ነው። የማክሰኞ ጉርሻህን ጨርስ።»